ከሕይወት ታሪኩ ያወጣሁት ዓረፍተ ነገር

ያንን ዓረፍተ ነገር ለምን አወጣሁት?

እስከ ዛሬ መልስ የለኝም። ምክንያት ግን ሞልቶኛል፤ እንደየቀኑ አንዱን አነሳለሁ፣ ሌላውን እጥላለሁ።

ሐይቅ ከተማ፣ በእኛ ቅሬ፣ በእድራችን ማለት ነው፣ ሰው ሲሞት የሕይወት ታሪኩን የምጽፈው እኔ ነኝ። ቅሬው የክርስቲያኑም የእስላሙም ነው። እኛ እስላሞቹ በቀብር ላይ ታሪክ አናስነብብም፤ ክርስቲያን ጎረቤቶቻችን ግን ሳያስነብቡ አፈር አያለብሱም። ሥራው ለእኔ የደረሰው የትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ስለምሠራና ስህተት ስለማልወድ ነው። ፊደል የቆጠርኩት ሁለት ልጆች ከወለድኩ በኋላ፣ በማታ ትምህርት ነው። ዘግይቶ የተማረ ሰው ነጠላ ሰረዝ እንኳ በከንቱ አይጥልም። የሟች የልደት ዘመን ከበኩር ልጁ ዕድሜ ጋር አልገጥም ካለኝ ለቅሶ ቤት ድረስ ሄጄ እጠይቃለሁ። በዚህ የሚያሙኝ አሉ፤ ይሙኝ።

ዓረፍተ ነገሩን ከታሪኳ ያወጣሁባት ዘፋኝ ወደ ሐይቅ የተመለሰችው አርጅታ ነው። በወጣትነቷ ዘፍናለች፣ መድረክ ላይ ተውናለች፣ ኋላም በሬዲዮ ዝግጅት አቅርባለች። በሐይቁ ዳር፣ ከወንድሟ ቤት አንድ ክፍል ይዛ ተቀመጠች። በጠና ስትታመም መጀመሪያ ያስጠራችው ቄስ አልነበረም፤ እኔን ነው። የሕይወት ታሪኳን በቁሟ ሰምታ ማረም ፈልጋለች።

የሄድኩት በጥላቻ ነው። እናቴ ልጃገረድ ሳለች አዲስ አበባ፣ ዘፋኟ ቤት፣ ስድስት ዓመት ምግብ አብሳይ ነበረች። እናቴ የአምባሰል ሰው ናት፤ ልብስ ስታጥብም፣ በርበሬ ስትቀነጥስም ግጥም ከአፏ አይጠፋም። ዘፋኟን አገር ያወቃት በአንድ የአምባሰል ዘፈን ነው፤ መነሻው እንዲህ ይላል፦

ውጫሌ ገበያ ጨው ልገዛ ሄጄ፣
አንተን አየሁና ባዶ ቀረ እጄ።

ይህ የእናቴ ነው። ጨው እንድትገዛ ወደ ውጫሌ የላከቻት አያቴ ናት። ባዶ እጇን ተመልሳ የተገረፈችውም እናቴ ናት። ዘፋኟ በመስኮት ሰምታ ወሰደችው። እናቴ ዘፈኑ በሬዲዮ ሲለቀቅ የሰማችው ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። ደፍራ ብትጠይቅ፣ የአንቺ ለመሆኑ ምን ወረቀት አለሽ ብላ ሳቀችባት። ኋላ እናቴ ዘበኛውን አግብታ እኔን ስታረግዝ ጓዟን አስይዛ ሰደደቻት። እናቴ ይህን የነገረችኝ አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ደግማ አላነሳችውም። እኔ ግን አልተውኩትም።

«አንቺ ነሽ የማታ ተማሪዋ?» አለችኝ ዘፋኟ ገና ከበሩ ሳልገባ። «ጽሕፈትሽ በጨለማ ብቻ ነው እንዴ የሚታየው?»

«በቀንም ይታያል» አልኳት። «የሚነግሩኝ እውነት ይሁን እንጂ።»

ከአልጋዋ በላይ ከመጽሔት የተቆረጠ የአንዲት ጣሊያናዊት ፎቶግራፍ ተለጥፏል። ፊቷን ወደ ማይክራፎን አዘንብላለች፤ ወረቀቱ ቢጫ ሆኗል። ዘፋኟ በልጅነቷ ደሴ ውስጥ፣ ከጦርነቱ በኋላ እዚያው የቀረ አንድ ጣሊያን በከፈተው ሆቴል አስተናጋጅ ነበረች። የሴትዮዋን ሸክላ ያስደመጣት፣ መጽሔቱንም እየተረጎመ ያነበበላት እሱ ነው። ጣሊያናዊቷ መጀመሪያ ዘፈነች፣ ቀጥሎ ፊልም ሠራች፣ ከዚያ የሬዲዮ ሰው ሆነች። አስተናጋጇ አንድ ቃል ሳይገባት ዘፈኖቹን በቃሏ ያዘች። ያቺ ያደረገችውን ሁሉ በየተራው ላደርግ ወሰንኩ አለችኝ፤ አደረገችውም። ይህን አልክድባትም።

ችግሩ ሁለቱ ሕይወቶች የተደባለቁባት መሆኑ ነበር። የጣሊያናዊቷን አንድም ሳትስት ትዘረዝረዋለች፤ የራሷን ስጠይቃት ትንተባተባለች። በጦርነቱ ጊዜ ለቁስለኛ ወታደሮች ዘፈንኩ አለችኝ።

«በጦርነቱ ጊዜ እርስዎ ጡት አልጣሉም ነበር።»

ወደ ፎቶግራፉ ቀና አለች። «እንግዲያው የእሷ ነዋ» አለች፤ አላፈረችም።

ሰረዝኩት። ከብዙ ሴቶች ድምፅ ተመርጬ የሚለውንም ሰረዝኩት። በባቡር መስኮት አበባ ተወረወረልኝ ያለችውን ግን ሳልጽፍ ቀና ብዬ አየኋት።

«ከእኔ ምን ተረፈ?» አለችኝ።

«ሆቴሉ።»

ሳቀች። ሳቋ ደስ አላለኝም፤ ያ በእናቴ ላይ የሳቀችው ሳቅ መሰለኝ። ወዲያው ስለ ዘፈኑ ጠየቅኳት። ግጥሙ የራሴ ነው አለች። የውጫሌ ገበያ በየትኛው ቀን ነው የሚውለው አልኳት። የማይውልበትን ቀን ጠራች። የጠራችውን ቀን እያየችኝ በደብተሬ ጻፍኩና አሰመርኩበት። እንግሊዝኛም ጣሊያንኛም አላውቅም፤ የውጫሌን ገበያ ግን አውቃለሁ።

በሚቀጥለው ሳምንት ስመለስ ትራስ ተደግፋ ቁጭ ብላለች። ደህና ዋልሽ እንኳ አላለችኝም።

«ጻፊ» አለች። «ዝናዋን ያገኘችበት የአምባሰል ዘፈን ግጥም የራሷ አይደለም፤ በቤቷ ምግብ አብሳይ የነበረችው የእከሊት ነው በይ።» እከሊት ያልኩት እኔ ነኝ፤ እሷ የእናቴን ስም ከነአባቷ፣ ከነአያቷ ጠራችው። የአያቷን ስም እስከዚያ ቀን ከእናቴ በቀር ከማንም አፍ ሰምቼው አላውቅም።

ጻፍኩ። መልሰሽ አንብቢልኝ አለች፤ አነበብኩ። በቀብሬ ቀን ይህ ሳይነበብ እንዳይቀር አለች።

«እናቴ ቤት ከዚህ የአሥር ደቂቃ መንገድ ነው» አልኳት። «ዛሬውኑ ለምን አይነግሯትም?»

«ዓይኗን እያየሁ?»

«ዓይኗን እያዩ። ሲሞቱማ ምን ትላለች? ለአፈር ነው የምትመልሰው?»

ፊቷን ወደ ግድግዳው መለሰች። «ሂጂልኝ» አለች። «ደረቅ ነሽ። እናትሽ እንዲህ አልነበረችም።»

ሳምንት ሳይሞላ ሞተች። የቅሬው ጸሐፊ ታሪኩን እንዲያነብ በንጹሕ ወረቀት መገልበጥ ነበረብኝ። እቤቴ ተቀምጬ ከደብተሩ ስገለብጥ እዚያ ዓረፍተ ነገር ላይ ደረስኩ። ብዕሬን አነሳሁ። ከላይኛው ዓረፍተ ነገር ጋር የታችኛውን አገጣጠምኩ፤ «ዘፈኑም» የሚለውን «ከዘፈኑ ቀጥሎም» ብዬ አስተካከልኩና መጋጠሚያው እንዳይታወቅ አደረግኩ። በሕይወቴ እንደዚያ ንጹሕ አድርጌ የጻፍኩት የለም።

በክርስቲያን ቀብር እኛ እስላሞቹ ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ፣ ከዋርካው ሥር እንቆማለን። እናቴ ሁልጊዜ ከሴቶቹ ሁሉ ኋላ ትቀመጣለች፤ ቀብሩ እንዳለቀም ቀድማ ትሄዳለች። ያን ቀን ለኢድ ብቻ የምታወጣውን ነጠላ ለብሳ መጣች። ሰውን እየገፋች እስከ በሩ ሄዳ የድምፅ ማጉያው ከተሰቀለበት ሥር ቆመች። የቆየ ቂሟን ልትሸኝ ነው ብዬ ገመትኩ፤ ደስም አለኝ።

ጸሐፊው አነበበ። ሆቴሉ ተነበበ፣ መድረኩ ተነበበ። ዘፈኑ ጋ ሲደርስ እናቴ መዳፏን ከጆሮዋ ኋላ አደረገች። «ከዘፈኑ ቀጥሎም» አለ ጸሐፊው፤ ወደ ሬዲዮው አለፈ። እጇን አላወረደችም። ሰው ተበትኖ ማጉያውን ከግንቡ እስኪያወርዱት ድረስ እዚያው ቆማ ነበር።

«አለቀ?» አለችኝ።

«አለቀ» አልኳት።

ለቀጣዩ ኢድ ያንን ነጠላ አልለበሰችውም። አቧራ ነካው አለች። ሄጄ ባየው አቧራ አልነበረበትም።

የነገርኳት ከዚያ አንድ ዓመት አልፎ ነው። የዘመድ ሠርግ ውለን ካደርንበት ከውጫሌ በሚኒባስ እየተመለስን ነበር። ሾፌሩ አንዲት አዲስ ልጅ የተጫወተችውን ያንኑ ዘፈን ከፈተ። ተሳፋሪው ሁሉ ተቀበለው፤ ከፊታችን የተቀመጡ ሁለት ጎረምሶች ጨው ልገዛ እያሉ ያጨበጭባሉ። ሾፌሩ በመስታወቱ እያየን፣ ግጥሙ እኮ የዛሬ ልጆች አይደለም፣ የዚያች የሐይቋ ዘፋኝ ነው፣ ነፍሷን ይማር አለ። እናቴ አሜን አለች። እስክንወርድ ድረስ በመስኮቱ ወደ ውጭ ታይ ነበር።

እቤት ገብታ መደቡ ላይ እንደተቀመጠች ነገርኳት። ምንም አላስቀረሁም፤ ምን እንዳጻፈችኝ፣ እኔ ምን እንዳልኳት፣ በንጹሑ ወረቀት ላይ ምን እንዳደረግኩ። ፊቷ አልተለወጠም።

«ማጻፋቸውን አውቃለሁ» አለች። «ሊሞቱ አራት ቀን ሲቀራቸው እሜቴ አስጠሩኝ። ልጅሽ ዓይኗን እያዩ ይንገሯት ብላኝ ሄደች አሉኝ። ዓይኔን እያዩ ነገሩኝ። አለቀሱ፤ አውፍ በይኝ፣ ይቅር በይኝ አሉኝ፤ አውፍ አልኳቸው። በቀብሬ ቀን ስምሽን በማይክራፎን ትሰሚያለሽ አሉኝ። ነጠላውን የለበስኩት ለዚያ ነበር።»

ዓመት ሙሉ አንጠልጥዬው የኖርኩት ምክንያት፣ ፊት ለፊት መናገር ያቃታት ሴት ከአፈር ሥር ሆና አትናገርም የሚለው፣ እዚያው መደቡ ላይ ወደቀ።

«እሳቸው ዋሽተውኝ ሞቱ ብዬ ነበር» አለች እናቴ። «አሁን ነው የገባኝ። አንቺ ለምን አወጣሽው?»

ተነስቼ ደብተሩን ከሣጥኔ አወጣሁ፤ ገጹን ገለጥኩና ላንብብልሽ አልኳት።

«ለማን ነው የምታነቢው?» አለች። «እኔማ ስሜን አውቀዋለሁ። ይልቅ የዙሁር ሶላት ደርሷል፤ የውዱ መታጠቢያ ውሃ አቀብይኝ።»