በር ላይ የሚጠብቀው ሰው

ወጋየሁ የውሃ ቆጣሪ አንባቢ ነው። መካኒሳ አቦን በእግሩ ሲያዳርስ ሃያ ሁለት ዓመት ሞልቶታል። አንዳንዱ ቤት ቶሎ ይከፍታል፤ አንዳንዱ ውሻውን እስኪያስር ያቆመዋል። እሱ አይቸኩልም። ደብተሩን ብብቱ ሥር ሸጉጦ፣ አንገቱን ወደ በሩ ዘንበል አድርጎ ያዳምጣል።

አንድ ቀን ቢፍቱ የምትባል ወጣት ፊልም ሠሪ የምትኖርበትን ቤት በር አንኳኳ። ቢፍቱ ከመስኮቷ ሆና ብዙ ካየችው በኋላ ወርዳ ከፈተችለት።

"ጋሼ፣ ፊልም ይሠሩልኛል?"

"እኔ? ትወና መቼ አውቄ?"

"ትወናው ይቅር። ቅድም እንደቆሙት ይቁሙልኝ።"

ፊልሙ ሃያ ደቂቃ ነው። አንድ ሰው የተዘጋ በር ፊት ለፊት ቆሞ ይጠብቃል። ንግግር የለም፣ ሙዚቃ የለም፣ በሩም አይከፈትም። ለምረቃው ከመጣው ሰው ግማሹ ሳያልቅ ወጣ። የወጋየሁ ሚስት ንግስት አልወጣችም፤ እሷ እንቅልፍ ወስዷት ነበር።

እሱና ቢፍቱ እንዲህ እንዲህ እያሉ በስድስት ዓመት አራት ፊልም ሠሩ። ወጋየሁን መንገድ ላይ አስቁሞ ፎቶ የሚነሳ ሰው የለም። አንዴ ለቴሌቪዥን ድራማ ተጠርቶ ሄዶ "ይቆጡ!" ቢሉት፣ ቁጣው እምቢ አለው። ሳይከፋው ወደ ቆጣሪው ተመለሰ።

አራተኛው ፊልም ብስራተ ገብርኤል አካባቢ በምትገኝ አነስተኛ አዳራሽ ታየ። ፊልሙ ላይ ወጋየሁ ረጅም የሆስፒታል ኮሪደር ውስጥ የብረት ወንበር ላይ ተቀምጧል። የነርስ ኮቴ በተሰማ ቁጥር ብድግ ይላል፤ ኮቴው ሲያልፍ ጭኑ ላይ የያዘውን የሴት ሹራብ እንደ አዲስ አጣጥፎ ይቀመጣል።

ንግስት በጨለማው ውስጥ እጁን ያዘችው።

"እኔ ኦፕሬሽን የገባሁ ለት እንዲህ ነበር የጠበቅከኝ?"

"ቢፍቱ 'የሚያውቁትን በር ያስቡ' ስትለኝ የመጣልኝ ያ ነው።"

ከዳነች ሰባት ዓመቷ ነው። ያን ቀን እንዴት እንደዋለ ስትጠይቀው "ደህና ነበርኩ" ብሏት፣ እሷም አምናው ኖራለች። አሁን እንባዋን በነጠላዋ ጫፍ እየጠረገች እስከ መጨረሻው አየች።

መብራት ሲበራ የቀሩት አሥራ አንድ ሰዎች አጨበጨቡ። ቢፍቱ መጥታ ንግስትን ሳመቻት።

"እትዬ ንግስት፣ በሚቀጥለው እርስዎም ይግቡበት።"

"እኔ? ዝም ማለት የማልችለው ሴትዮ!"

ወጋየሁ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። ንግስትም እየሳቀች ክንዱን ያዘችውና፣ ስለ ሹራቡ እየጠየቀችው ወደ ታክሲ ተራው ወረዱ።