ግልባጭ

የምኖረው አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው፤ ሥራዬ ወረቀት መተርጎም ነው። ወረቀት በስልካቸው መተግበሪያ የሚተረጉሙትን ሰዎች አልወድም፤ እንጀራዬን ስለሚሻሙኝ ብቻ ግን አይደለም።

እዚሁ አካባቢ አሌክሳንድሪያ፣ ላንድማርክ ሰፈር የምትኖር ጓደኛዬ አንድ ቅዳሜ አስጠራችኝ። የሟች እህቷን ልጅ ከሕፃንነቷ ጀምሮ ያሳደገች ሴት ናት። ጉዲፈቻውን ያጸደቀላት አዲስ አበባ ያለ ፍርድ ቤት ነው፤ ልጅቷም ይህን ነፍስ ካወቀች ጀምሮ ታውቃለች። አሁን ለዜግነት ወረቀቷ ውሳኔው መተርጎም ነበረበት። ልጅቷ ግን የፍርድ ቤቱን ወረቀት ካየች ወዲህ ከእናቷ ጋር መነጋገር ትታ ክፍሏን ዘግታ ትውላለች። እናትየው ምን እንዳጠፋች ጨንቋታል።

ልጅቷን አስወጥቼ ምን እንደሆነች ብጠይቃት ወረቀቱንና ስልኳን አንድ ላይ ሰጠችኝ። ማኅተሙ አጠገብ “የውሳኔ ግልባጭ” ይላል። ስልኳ በእንግሊዝኛ “የተገለበጠ ውሳኔ” ብሎ፣ እንደ ተሻረ አድርጎ ተርጉሞላታል። ፍርድ ቤቱ ጉዲፈቻውን ሽሮት እናቷ የደበቀቻት መስሏታል።

ሳቄ መጣና ፊቷን ሳይ ጠፋ። ደግሞስ ምን ይፈረድባታል? በእኛ አገር መንግሥትም ይገለበጣል፣ መኪናም ይገለበጣል። ግን እህልም ከስልቻ ወደ ጎተራ ይገለበጣል፤ የጥንት ጸሐፊዎች ከብራና ወደ ብራና ሲጽፉ ገለበጡ የተባለው ከዚህ ይመስለኛል። ዕቃው ይለወጣል እንጂ እህሉ ያው ነው። ቅጂ የምንለውም ከመቅዳት ነው፤ ውሃም እንቀዳለን፣ ዘፈንም እንቀዳለን። ይህን ሁሉ ግማሽ በአማርኛ፣ ግማሽ በእንግሊዝኛ አስረዳኋት።

“ሶ፣ ካንስል አላደረጉትም?” አለችኝ።

“አላደረጉትም። ዋናው ውሳኔ መዝገብ ቤት ተቀምጧል፤ ይሄ ከእሱ የተጻፈ ነው።”

እናትየው ነገሩ የገባት ገና አሁን ነው። ይህን ሁሉ ቀን ስላስጨነቀቻት ትቆጣለች ብዬ ፈርቼ ነበር። እሷ ግን ልጅቷን አየቻትና፣

“ቢሽሩትስ? እኔን ከእናትነቴ ማን ይሽረኛል?” አለቻት።

ልጅቷ ምንጣፉ ላይ እናቷ እግር ሥር ቁጭ ብላ፣ ፊቷን በእናቷ ቀሚስ ሸፍና አለቀሰች።