ሞተሩን መጀመሪያ ያጠፋው ሰው

ዘርዓብሩክ ታክሲ መንዳት ካቆመ ወዲህ ቀኑ ረዝሞበታል። ሎስ አንጀለስ ውስጥ ዕድሜውን የፈጀው መንገደኛ ከኤርፖርት ወደ ሆቴል፣ ከሆቴል ወደ ኤርፖርት ሲያመላልስ ነው። ሚስቱ ካረፈች በኋላ የሐበሻ ሱቆች ካሉበት ከፌርፋክስ መንገድ ጀርባ ባለች አንዲት ክፍል ብቻውን ይኖራል። ልጁ ናዝራዊት እሁድ እሁድ ከምትኖርበት ከቶራንስ ከተማ ትደውልና “በላህ? መድኃኒትህን ወሰድክ?” ትለዋለች። በልቻለሁ፣ ወስጃለሁ ይላታል፤ ወሬው እዚያ ላይ ያልቃል። ጠዋት ጠዋት ፌርፋክስ ወጥቶ ከቅመማ ቅመም ሱቁ እስከ ምግብ ቤቶቹ ድረስ ወዲያና ወዲህ ይላል። ሰላም የሚለው አያጣም፤ የሚያጫውተው ግን እየጠፋ ሄዷል።

ፋና ያገኘችው እንዲህ ሲንሸራሸር ነው። እዚሁ ተወልዳ ያደገች አስተማሪ ናት፤ ቅዳሜ ቅዳሜ የሐበሻ ልጆችን ሰብስባ ታሪክ ታስተምራለች።

“ጋሼ ዘርዓብሩክ፣ ሶ... በአብዮቱ ጊዜ አዲስ አበባ ታክሲ ድራይቭ ታደርግ ነበር አሉኝ። እውነት ነው?”

አንቱ አለማለቷን ለምዶታል። “እውነት ነው” አላት።

“አድማው ላይም ነበርክ?”

“ነበርኩ።”

“ቅዳሜ መጥተህ ለልጆቹ ትነግራቸዋለህ? ዓለምን የለወጡ ነገሮች በምን ምክንያት እንደመጡ፣ እነማን እንዳመጧቸው ነው የምንማረው። የፈረንሳይን አብዮት ጨርሰናል፣ የሩሲያን ጨርሰናል። አሁን የኛ ነው።”

እሺ አላት። ስለዚያ ጠዋት ሰው ጠይቆት አያውቅም፤ የገዛ ልጁም ብትሆን።

ነገሩ እንዲህ ነበር። ዓረቦችና እስራኤል ተዋጉና በዚያ ሰበብ ነዳጅ በዓለም ላይ ተወደደ፤ አዲስ አበባም ቤንዚን ጣሪያ ነካ። የታክሲው ታሪፍ ግን ንቅንቅ እንዳይል ተባለ። ወሎ ላይ ሕዝብ በረሃብ ማለቁን ከተማው ሰምቷል፤ መምህሩ ያጉረመርማል፤ ወታደሩ ያጉረመርማል። በ1966 ዓ.ም. የካቲት፣ አንድ ሰኞ ጠዋት፣ ዘርዓብሩክ የሌላ ሰው ንብረት የሆነች ሰይቼንቶ ታክሲ ይዞ መርካቶ ተሰልፏል። የአድማውን ወሬ ሁሉም ሰምቷል፤ መጀመሪያ መሆን የፈለገ ግን የለም። ሾፌር ሾፌሩን ያያል። ከፊቱ የቆመው ጓደኛው ወንዳፍራሽ ነበር። ወንዳፍራሽ ዞር ብሎ ተሳፋሪዎቹን “ይቅርታ አድርጉልኝ፣ ውረዱ” አላቸው። ሞተሩን አጠፋና ቁልፉን ኪሱ ከቶ መኪናው ላይ ተደግፎ ቆመ። ዘርዓብሩክ ተከተለው፤ ከዚያ የኋላው፣ ከዚያም የኋላው። ሰልፉ ሁሉ ጭጭ አለ።

ብዙም ሳይቆይ ቤንዚኑ ቀነሰ፤ ሚኒስትሮቹ ለቀቁ፤ በመስከረም ንጉሡ ወረዱ። ከዚያ ወዲያ የመጣውን ግን ያን ጠዋት ማንም አላሰበውም። የወንዳፍራሽ ታናሽ ወንድም በቀይ ሽብር ተገደለ። ሁለቱ ጓደኛሞች በሱዳን በኩል ወጥተው እዚህ አገር ገቡ፤ አንድ ክፍል ተጋርተው ኖሩ፤ ትዳር ያዙ፤ ቀስ በቀስም ተራራቁ። አሁን ወንዳፍራሽ ያለው ከከተማው ወጣ ብሎ ጋርዴና ነው። የሚገናኙት ቤተ ክርስቲያንና ለቅሶ ላይ ብቻ ነው።

ዘርዓብሩክ ግን ያን ጠዋት ብቻውን መናገር አልሆነለትም። መኪናውን አስነስቶ ጋርዴና ሄደ። በሩን የከፈተችለት የወንዳፍራሽ ሚስት ዶርካስ ናት።

“ጋሼ ዘርዓብሩክ! በደህና ነው?” አለችው። ሳይደውል መምጣቱ አስደንግጧታል።

“በደህና ነው። እሱን ፈልጌ ነው።”

ወንዳፍራሽ ጓሮ ሎሚው ሥር ተቀምጧል። ዘርዓብሩክ የመጣበትን ነገረው፤ አብረን እንሂድ፣ አንተ ብትናገረው ይሻላል አለው። ወንዳፍራሽ ሰምቶ ሲጨርስ ወደ ቤቱ አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ።

“ልጆቼ ይህን አያውቁም። ዶርካስም አታውቅም።”

“ምን የሚደበቅ ነገር አለው? ግፍ ነበር፤ እምቢ አልን።”

“እምቢ አልን። ከዚያስ?”

“ከዚያ የመጣውን እኛ አላመጣነውም። ረሃቡ ነበረ፤ ኑሮው ነበረ፤ ወታደሩ ነበረ። አንተ ባታጠፋው ሌላው ያጠፋው ነበር።”

“ይሆናል። ሌላው ቢያጠፋው ግን ወንድሜ ሌላውን አይከተልም ነበር።” ወንዳፍራሽ እግሩ ሥር የወደቀ የሎሚ ቅጠል አነሳ። “ያን ቀን ማታ ሰፈሩን እየዞረ ‘መጀመሪያ ያጠፋው የኔ ወንድም ነው’ ሲል አመሸ። ከዚያ በኋላ በኅቡዕ ከሚታገሉት ልጆች ጋር ገባ። ሲገድሉት ሃያ አልሞላውም። እናቴ አንድም ቀን አልወቀሰችኝም፤ ግን እስክትሞት ዓይኔን አላየችም።”

ዘርዓብሩክ ይህን ሰምቶ አያውቅም። ያን ሁሉ ጊዜ አንድ ክፍል ውስጥ ሲያድሩ አልነገረውም።

“ሂድ፣ አንተ ንገራቸው” አለ ወንዳፍራሽ። “የኔን ስም ግን አታንሳ።”

ቅዳሜ ዘርዓብሩክ ኮቱን ለብሶ ሄደ። ልጆቹ አማርኛው ሲከብዳቸው ፋና ታስረዳቸዋለች። ሰሌዳውን ለሁለት ከፍላ በአንዱ ወገን “ምክንያት”፣ በሌላው “ዋና ሰዎች” ብላለች። በምክንያቱ በኩል ረሃብ፣ ነዳጅ፣ ደመወዝ ተጽፏል። በሰዎቹ በኩል ንጉሡ፣ ሚኒስትሮች፣ መኮንኖች። ዘርዓብሩክ ስለ ቤንዚኑ፣ ስለ ሰልፉ፣ ስለ ጸጥታው ተናገረ። ፊት የተቀመጠች አንዲት ልጅ እጇን አወጣች።

“መጀመሪያ ያጠፋው ማነው?”

ፋናም ጠመኔዋን አንስታ ጠበቀች። “ስሙን ታስታውሳለህ ጋሼ? እዚህ ጋ እንጽፈው።”

ስሙ ምላሱ ጫፍ ላይ ነበር። ባለ ስሙም ከዚህ በመኪና ግማሽ ሰዓት ርቀት ላይ ተቀምጧል። መኪናው ላይ ተደግፎ የቆመው ያ ቀጭን ወጣት ዓይኑ ላይ መጣ፤ ሎሚው ሥር ያለው ሽማግሌም አብሮ መጣ።

“አላውቅም” አለ። “ብዙ ነበርን።”

ፋና “የታክሲ ነጂዎች” ብላ ጽፋ ወደ ሌላው አለፈች። ልጆቹ አጨበጨቡለት። አንዷ እናት ሳምቡሳ በወረቀት ጠቅልላ ሰጠችው። ወደ ቤቱ ሲመለስ ሳይበላው ወንበሩ ላይ አስቀምጦት ነዳ።

ገብቶ እንደተቀመጠ ደወለ።

“አነሳኸው?” አለ ወንዳፍራሽ፣ ሰላምታም ሳያስቀድም።

“አላነሳሁም።”

“ጠየቁህ?”

“ጠየቁኝ። አላውቅም አልኳቸው።”

ዘርዓብሩክ ጠበቀ። ና፣ ምሳ አብረን እንብላ ቢለው፣ ወይም ስለዚያ ጠዋት አንድ ነገር እንኳ ቢያነሳለት ደስ ባለው ነበር።

“እግዚአብሔር ይስጥልኝ” አለ ወንዳፍራሽ፤ ስልኩም ተዘጋ።

ከዚያ ወዲህ ቤተ ክርስቲያን ሲገናኙ ወንዳፍራሽ ከሰው ሁሉ አስቀድሞ ወደ እሱ ይመጣል፤ ጉንጩን ስሞት እጁን ይዞ ይቆያል። ስለ ደም ግፊት ያወራሉ፤ ስለ ልጆቻቸው ያወራሉ፤ ያን ጠዋት ግን አያነሱም። ዶርካስ ከሩቅ ታያቸውና ምን ቢያፋቅራቸው ነው እያለች ትገረማለች። ከዚያ ባልና ሚስቱ ወደ ጋርዴና ይሄዳሉ፤ ዘርዓብሩክም ስልኩን ከኪሱ አውጥቶ የናዝራዊትን ጥሪ እየጠበቀ በፌርፋክስ በኩል ወደ ክፍሉ ያዘግማል።