አባቴ ወረደ

ልጅ ሳለሁ፣ ደብረ ታቦር የንጉሡ መናገሻ በነበረችበት ዘመን፣ የማመሸው አባቴን ባሳደጉት አክስቱ በእማሆይ ወለተ ሥላሴ ጎጆ ነበር። እማሆይ ቁጡ መነኩሲት ነበሩ። ሲያወሩ የሳቀ ሰው በመቋሚያቸው ጫፍ ይጎሸማል፤ ያንቀላፋም እንዲሁ። የወይራው ፍም ደብዘዝ ሲል አመዱን በመዳፋቸው ደልደል ያደርጉና፣ በስንጥር እየጫሩ፣ ሁልጊዜ ስለዚያው አንድ ማኅበር ይነግሩኝ ነበር።

ጽዋ የሌለው፣ ዝክር የማይደግስ ማኅበር ነው፤ ስሙም «የድርብ ጠባቂዎች»። ዘመን፣ እንደ እማሆይ አባባል፣ ሄዶ አያልቅም፤ እንደ ጎጆ ክዳን አዲሱ ሣር በአሮጌው ላይ ይደረባል እንጂ። ከላይ ያለነው እኛ ነን፤ ከሥራችን አያቶቻችን ዛሬም ያርሳሉ፤ ከእነሱ ሥር ደግሞ ያ አብያተ ክርስቲያናት የተቃጠሉበት ዘመን ዛሬም ይጨሳል። የማኅበሩ ሰዎች ድርቡ የት የት እንደሳሳ ያውቃሉ። በጉና ጥግ ገብስ ሊዘራ ሲያርስ ማረሻው የዚያን ቃጠሎ ከሰል ያወጣለት ገበሬ ካለ፣ ማንም ሳያያቸው መጥተው አፈሩን ይመልሱና ድንጋይ ያኖሩበታል። እማሆይ እያንዳንዱን ድርብ በአመዱ ላይ ከሌላው በአንድ መስመር ይለዩትና፣ ማን በየትኛው እንደሚኖር በስንጥሩ ጫፍ ነቁጥ ነቁጥ እያደረጉ ያሳዩኝ ነበር።

በማኅበሩ ዘንድ «ሞተ» ማለት ነውር ነው፤ «ወረደ» ነው የሚባለው። ድርቡን የሚቀደው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ሰውን ያለ ቦታው ማኖር። ያልወረደውን ከወረዱት ጋራ የቆጠሩ እንደሆነ የቤቱ መንገድ ይጠፋዋል፤ የወረደውን ካልወረዱት ጋራ የቆጠሩ እንደሆነ ደግሞ ማረፊያ ያጣል። ይህን ሲሉ ድምፃቸው ዝቅ ይል ስለነበር እኔም ወደ እሳቱ እጠጋ ነበር።

ያኔ ከከተማው ማዶ የንጉሡ ጠቢባን ብረት የሚያቀልጡበት ጭስ ቀንም ሌትም አይለየንም ነበር። ትልቁ መድፍ ተሠርቶ ሲያልቅ፣ ከገደሉና ከበረሃው ማዶ ወዳለው የንጉሡ አምባ በገመድ የሚጎትተው ጉልበት ተፈለገና አባቴን ከማሳው ወሰዱት። ሊሰናበት መጥቶ የእማሆይን ጉልበት ሲስም፣ «ሂድ ልጄ፤ ውጣ እንጂ አትውረድ» ብለው መረቁት። እናቴ የምን ምርቃት ነው ብላ ተገረመች። እኔ ግን ገብቶኝ ነበርና አለቀስሁ።

ወራት አለፉ። አንድ ምሽት ቢተው የሚባል ጎረቤታችን፣ ከአባቴ ጋራ የሄደው፣ ትኩሳት እያንቀጠቀጠው ብቻውን ተመለሰ። በእማሆይ እሳት ዳር አስቀመጥነው። እናቴ ውኃውን እስኪጠጣ እንኳ አልታገሠችም።

«ያ ሰውዬስ?» አለችው።

«ከገደሉ አፍ ላይ ተለያየን። እሱማ ወረደ።»

«ተመስገን!» አለች እናቴ። «በረሃውን ተሻገረ በለኛ!»

እኔ ግን «አባቴን!» ብዬ ጮህሁና ፊቴን ነጨሁ። እናቴ በጥፊ አለችኝ።

«ዝም በይ! በቁሙ ልትቀብሪው ነው? ምን ያለሽው ሟርተኛ ነሽ!»

እማሆይ እኔንም እሷንም አላዩም። ወደ ቢተው ጎንበስ ብለው፣ «የኔ ልጅ፣ እንዴት ነው የወረደው? በእግሩ ነው ወይስ...» አሉ።

«ገመዱ ተበጠሰ፣ እማሆይ። ጭጋግ ነበር። ሲወርድ አየሁት፤ ታች ሲደርስ ግን አላየሁም።»

ከዚያ በኋላ ትኩሳቱ አፉን ያዘው። ዳግም ሳይናገር አረፈና በሦስተኛው ቀን ቀበርነው።

ንጉሡም ሞቱ፤ ሠራዊቱም ተበተነ። አባቴ ከተመለሱት ጋራ አልነበረም፤ ሬሳውን አየሁ የሚልም አልመጣም። ዘመድ አዝማድ ተሰብስቦ ተዝካሩ ይውጣ አለ። እማሆይ ግን እምቢ አሉ። «ጠላ ጠምቃችሁ ልታወርዱት ነው? በሕይወት ቢኖርስ?»

እናቴ በእማሆይ ፊት ቀና ብላ እንኳ ተናግራ አታውቅም። ያን ምሽት ግን ቆመች። «ሞቶ ቢሆንስ፣ እማሆይ? ፍትሐት ያጣች ነፍስ የት ትደር? ይንገሩኛ!»

ሁሉም ሲወጣ እኔ ቀረሁ። እማሆይ አመዱን እንደ ወትሮው ደልደል አድርገው መስመሮቹን ሳሉ፤ ከዚያ ስንጥሩን ሰጡኝ።

«አንቺ አኑሪው። ያሳደግሁት ልጅ ነው፤ እጄ አልታዘዝ አለኝ።»

እኔም ፈራሁ። «የማኅበሩን ሰዎች እንጠይቃ» አልኋቸው፤ አንዱ በጉና፣ አንዱ በሐሙሲት ገበያ አለ እያሉ ይነግሩኝ ነበርና። እማሆይ እሳቱን ቆሰቆሱ።

«ማንን ትጠይቂያለሽ፣ ልጄ? እኔው ነኝ። ባሌና ልጆቼ በአንድ ክረምት ያለቁብኝ ጊዜ፣ የትም አልሄዱም ብዬ ለራሴ የነገርሁት ተረት ነው። ብቻዬን ነበርሁ። አሁን እንግዲህ ሁለት ሆነናል።»

ያን ጊዜ የተሰማኝን ዛሬም በደንብ ልናገረው አልችልም። ተናደድሁባቸው፤ አሳዘኑኝም። ያ ሁሉ ሕዝብ የጠበቀው ዘመን በአንዲት አሮጊት መዳፍ ላይ የቀረ መሰለኝ። ቢሆንም ስንጥሩን አልጣልሁትም። የአባቴን ነቁጥ ከላይም ከታችም ሳላደርግ፣ እኛን ከወረዱት በሚለየው መስመር ላይ አኖርሁት። እማሆይ አዩት፤ አላረሙኝም።

ተዝካሩ በዓመቱ ወጣ። እማሆይ ከደጅ ተቀምጠው አንዲት ጉርሻ ሳይቀምሱ ዋሉ። ዛሬ እሳቸውም እናቴም ወርደዋል፤ የእነሱን ቦታ አውቀዋለሁ። የአባቴ ነገር ግን እንደዚያው ነው። አባትሽስ የት ነው ለሚለኝ ሁሉ «ወረደ» እላለሁ፤ ሰዉ «ነፍስ ይማር» ብሎ ያልፋል።

ባለፈው ሰሞን ከእሳቱ ዳር ሳለን ትንሿ የልጅ ልጄ ይህንኑ ጠየቀችኝ። «ወረደ» አልኋት።

«መቼ ነው የሚወጣ?» አለችኝ።

አመዱን ደልደል አደረግሁላት።