ሊጥ ያጠብኩ ዕለት

ሊጥ ይቦካል፣ ይጋገራል፤ ሊጥ ይታጠባል ሲባል የሰማ ሰው ግን በሰፈራችን አላገኘሁም። ስለዚህ አስቀድሜ ላስረዳ፤ ማስረዳት ሥራዬም አመሌም ነው። የስንዴ ዱቄት በውሃ ይለወስና ደህና ተደርጎ ይታሻል፣ ከዚያ ውሃ ውስጥ ተነክሮ ያርፋል። ቀጥሎ በእጅ እየተጨመቀ ይታጠባል። ነጩ ነገር ከውሃው ጋር ይወጣና የስንዴው ሙጫ ብቻ ይቀራል፤ ሲስቡት እንደ ማስቲካ ይለጠጣል። ይህ ሙጫ ተቀቅሎ ሲጠበስ ጥርስ ላይ ሥጋ ይመስላል። አሠራሩን በስልኬ ቪዲዮ ላይ ሳይ፣ ለሁዳዴ ከዚህ የተሻለ ምግብ የለም ብዬ ደመደምኩ።

የማስተምረው ኮተቤ ነው፤ የምኖረው ግን የካ ሚካኤል አጠገብ፣ ተከራይቼ። አከራዬ ባለቤታቸው የሞቱባቸው፣ ጾም የማያጓድሉ ሴት ናቸው፤ እትዬ ነው የምላቸው። ትልቅ ድስት እንዲያውሱኝ ጠየቅኳቸው። ድስቷ በየዓመቱ ለኪዳነ ምሕረት የዝክር ወጥ ሠርተው እንጦጦ ድረስ የሚያወጧት ናት። ሊጥ ነው የምቀቅልባት አልኳቸው። ሰጡኝና ነጠላቸውን አጣፍተው ወደ ቅዳሴ ሄዱ።

በጾም ቅዳሴው የሚያልቀው ወደ ማምሻው ነው። ሲመለሱ እኔ የተቀቀለውን ቆራርጬ ከሽንኩርትና ከጥብስ ቅጠል ጋር እያገላበጥኩ ነበር። ሽታው ግቢውን ሞልቶታል። ከቧንቧው ሥር ያለው ቦይ ደግሞ ከጫፍ እስከ ጫፍ ነጥቷል። እትዬ መጀመሪያ ቦዩን፣ ቀጥሎ ድስቷን፣ መጨረሻ ላይ እኔን አዩ።

«ወተት ነው የደፋኸው?»

አይደለም ብዬ ከዱቄቱ ጀምሬ ማስረዳት ያዝኩ። በተናገርኩ ቁጥር ዓይናቸው እየጠበበ ሄደ። አንድ ነገር ብቻ ደብቄ ነበር፤ የምግቡን ስም። ሲጠይቁኝ «የስንዴ ጥብስ» አልኳቸው።

«አንተ ያወጣህለትን አይደለም። የፈጠሩት ሰዎች ምን ይሉታል?»

ወደ ጥብሱ ዞሬ ማገላበጤን ቀጠልኩ። ሰው ጠይቆኝ ሳላስረዳ ስቀር ያን ቀን የመጀመሪያዬ ሳይሆን አይቀርም፤ እሳቸውም ይህን ልብ አሉ። ጎረቤቴ የታክሲ ሾፌር ነው፤ ቪዲዮውን አብሮኝ አይቷል። ደጃፉ ላይ ለሶላት እግሩን እየታጠበ ነበር።

«ሰይታን ነው የሚባለው፣ እትዬ» አለ፣ ፊቱን ኮስተር አድርጎ።

እትዬ አማተቡ።

«የጃፓን ቃል ነው፤ በ‹ጣ› አይደለም፣ በ‹ታ› ነው» አልኩ።

«በፈለገው ፊደል ይጻፍ። ድስቴ ውስጥ ገብቷል።»

ሾፌሩ ለእሱም ልሰጠው ካሰብኩ መጀመሪያ ማን እንዳረደው እንድነግረው ጠየቀኝ። እሱ ብቻውን ሳቀ።

ከዚያ በኋላ ድስቷ ታጥባ ግድግዳው ሥር እንደተደፋች ቀረች። የጠበስኩት ሥጋ ሳይሆን አይቀርም ብለው እትዬ አይነኳትም፣ ወደ ቤትም አያስገቧትም። ሥጋ ነክቷት ከሆነ ለዝክር አትሆንም፤ ዝክሩ ደግሞ ቀርቧል። ቆሻሻ ሳወጣ ከረጢቱን ተቀብለው መዘን መዘን ያደርጉታል፤ አጥንት ፍለጋ መሆኑ ገብቶኛል። አንድ ቀን ከጥብሱ ቁራጭ ለድመቷ ጣሉላት። ድመቷ አሽትታ ሄደች። ይኸው፣ ሥጋ ቢሆን ትተወው ነበር ወይ አልኩ። እሳቸው ግን ድመት እንኳ የተጸየፈችው ነገር ምን ቢሆን ነው አሉ። በዚህ ዓይነት ማስረጃ የሚሠራ አልሆነም። ጭራሽ እኔ ራሴ እያላመጥኩ መጠራጠር ጀመርኩ።

በመጨረሻ፣ ዱቄቱን ከሱቅ ራሳቸው ገዝተው በገዛ እጃቸው እንዲሞክሩት ለመንኳቸው። ከብዙ ማመንታት በኋላ እሺ አሉ። ሰፌድ የሚያክል ሳፋ አቀረቡ፤ እኔን አንድ እርምጃ ራቅ ብለህ ቁም አሉኝ፣ ምንም እንዳልጨምርበት። ሊጡን ሲጨምቁት ውሃው ነጣ። በጣታቸው ጠቅሰው ቀመሱት። ውሃውን እየለወጡ ማጠባቸውን ቀጠሉ፤ ሊጡ እያነሰ፣ እየጠቆረ ሄዶ መዳፋቸው ላይ ጭብጥ የምትሞላ ነገር ቀረች። በሁለት እጃቸው ሳቧት፤ ተለጥጣ ተመለሰች።

«ሥጋ አይደለም» አሉ።

ድስቷን ላነሣላቸው ስራመድ በእጃቸው አስቆሙኝ።

«ሥጋ አለመሆኑን አምኛለሁ። አሁን ይኼን አስረዳኝ፤ ሥጋ ካላማረህ፣ ይኼን ሁሉ ውሃ አፍስሰህ ሥጋ እንዲመስል የለፋኸው ለምንድን ነው?»

ስለ ፕሮቲን ልናገር አፌን ከፈትኩ። ለፕሮቲን ግን የጥብስ ቅጠል አያስፈልግም።

«አየህ» አሉ። ድስቷን ለእኔ ተዉልኝ፤ ከፋሲካ በኋላ እንደ ልቤ እንድቀቅልባት። ፋሲካ ካለፈ በኋላ ሊጥ የሚያጥብ ሰው ከየት እንደሚመጣ አልጠየቅኳቸውም።

የዝክሩን ወጥ በሁለት ትንንሽ ድስቶች ሠሩት። በበዓሉ ዕለት ከታክሲው ወርደን በባሕር ዛፉ መሀል ወደ እንጦጦ ኪዳነ ምሕረት ስንወጣ አንዱን እኔ ተሸከምኩ። እትዬ ከፊት ከፊት ይሄዳሉ። በየመታጠፊያው ቆም ብለው ይጠብቁኛል። እጃቸውን ዘርግተው የድስቱን ክዳን ጫን ያደርጉና እኔን ዓይን ዓይኔን አይተው መንገዳቸውን ይቀጥላሉ።