«ተነስ፣ ገና አልጨረስንም» ይል የነበረው ወንድሜ ካሌብ

ወንድሜ ካሌብ ዛሬ ጠዋት ሞተ። በእጄ ጻፍኩት፣ ግን አሁንም አላመንኩም። ከትምህርት ቤት በፊት ሆስፒታል ላየው ዩኒፎርሜን ለብሼ ስወጣ አባቴ በሩ ላይ ቆሟል። «የት ነው የምትሄደው?» አለኝ። ቦርሳዬን ከትከሻዬ አውርዶ ወደ ቤት መለሰኝ።

ካሌብን ብዙ ጊዜ ወድቆ አይቼዋለሁ። አፍንጫው ተሰብሮ፣ ቅንድቡ ተተርትሮ፣ የወለቀ ጥርሱን በእጁ ይዞ። ሳይነሳ ሲቀር ግን አይቼ አላውቅም።

ለማታውቁት ልንገራችሁ። ገርጂ ከኮንዶሚኒየሙ ጀርባ፣ አሁን ፎቅ የቆመበት ቦታ፣ ሜዳ ነበር። ካሌብና ኤርፖርት ካርጎ አብረውት የሚሠሩ ልጆች እዚያ የራግቢ ሊግ ጀመሩ። ጨዋታውን ያስተማራቸው ኬንያ ያደገ የሥራ ባልደረባቸው ነው። ገርጂ፣ ጎሮ፣ ላምበረትና ካርጎ ቡድን አወጡ። እንቁላል የመሰለችውን ኳስ አቅፈህ ትሮጣለህ፤ ሌላው ወገብህን ጠምጥሞ ከመሬት ይደባልቅሃል። ይሄ ነው ታክል የሚባለው።

የመጀመሪያው እሁድ የሰፈሩ ሰው ድብድብ መስሎት ፖሊስ ጠራ።

«ኳስ እየተጫወትን ነው» አለው ካሌብ፣ ደም እየተፋ።

«ይሄ ኳስ ከሆነ እኔ ጳጳስ ነኝ።»

«እንግዲያው ይባርኩን አባታችን።»

ሁሉንም ጣቢያ ወሰዳቸው። በሚቀጥለው እሁድ ያው ፖሊስ ጨዋታ ሊያይ መጣ።

ሊጉ አንድ የራሱ ሕግ ነበረው። የጣልከውን ሰው አንተው ራስህ እጅህን ዘርግተህ ታነሳዋለህ። ካሌብ ሰውየው ትንፋሹ ሳይመለስ እጁን ይሰጠውና «ተነስ፣ ገና አልጨረስንም» ይለዋል። እኔንም ቤት ውስጥ ፍራሽ አንጥፎ ሲያስተምረኝ እንደዚያው ነበር። እናቴ ከጓዳ «ልጁን ገደልከው» ስትል ይሰማኛል፣ እኔ አየር አጥቼ ተዘርሬያለሁ፣ የሱ እጅ ፊቴ ላይ ተዘርግቷል።

ሊጉ የፈረሰውም በዚሁ ሕግ ነው። በመጨረሻው የዋንጫ ጨዋታ የላምበረቱ ቶላ ካሌብን ጣለው። ትከሻው ሲሰበር ድምፁ እኔ የቆምኩበት ድረስ ተሰማ። ቶላ አላነሳውም፤ ጀርባውን ሰጥቶ ሄደ። ያኔ የገርጂ ደጋፊ በድንጋይና በዱላ ሜዳ ገባ። የወደቀ ሰው ፊት ሲረገጥ አይቻለሁ። አንድ የጎሮ ልጅ ዓይኑን አጣ። ከዚያ በኋላ ማንም ለጨዋታ አልመጣም፣ ቆይቶም ሜዳው በቆርቆሮ ታጠረ። ካሌብና ቶላም ሰላምታ እንኳ አልተለዋወጡም።

ትናንት ካሌብ ላምበረት መናኸሪያ የአጎታችንን ልጅ ሊሸኝ ሄደ። አንድ ሰው አንድ የታክሲ ረዳት ልጅን በፌሮ ይደበድባል። ልጁ መሬት ላይ ነው፣ ሰው ከቦ ያያል። ካሌብ ሮጠ። ዝቅ ብሎ፣ ትከሻውን የሰውየው ወገብ ላይ አሳርፎ ጣለው። ፌሮው ተስፈንጥሮ ሄደ፣ ሰው አጨበጨበ።

ከዚያ ካሌብ ጎንበስ ብሎ ለሰውየው እጁን ዘረጋ።

ይህን የነገረኝ የተደበደበው ልጅ ነው፣ ራሱ በፋሻ ተጠቅልሎ። «ተወው፣ አታንሳው ብዬ ጮህኩ» አለኝ። ሰውየው በቀኝ እጁ የካሌብን እጅ ይዞ ተነሳ። በግራው ሴንጢ አውጥቶ ከጎድኑ ሥር ወጋው፣ ደገመው፣ ሮጦ አመለጠ።

ዛሬ ከሰዓት ድንኳን ውስጥ የድሮ የሊጉ ልጆች በአንድ ጥግ ተሰብስበው ነበር። «እጅ መዘርጋቱ ነው የገደለው» አለ አንዱ። ሌላው «ሰውየው የላምበረት ነው፣ ቤቱን ቶላ ያውቀዋል፣ እሱ ይምራን» አለ። ፌሮ ይዘው መጥተዋል። አንዱን ለእኔ ሰጡኝ። ተቀበልኩ። ልሄድ ወስኜ ነበር።

ቶላ ሳይጠሩት መጣ። ገና ሳየው ተንደርድሬ ወገቡን ያዝኩት። ከወንበሮቹ ጋር ወደቀ። ፌሮውን ጭንቅላቱ ላይ አነሳሁ። ፊቱን እንኳ አልከለለም።

«ምታ» አለኝ። «ያን ቀን አጥንቱ ሲሰበር ሰምቼ ፈርቼ ነው የሸሸሁት። ምታ።»

መምታት ፈልጌ ነበር፣ አልዋሽም። ግን ከሥሬ ተዘርሮ ሳየው ፍራሹ ትዝ አለኝ። ፌሮውን ጣልኩና እጄን ዘረጋሁ።

«ተነስ» አልኩት። «ገና አልጨረስንም።»

እጄን ይዞ ተነሳ። ልጆቹ ከበቡት። «መንገድ ልመራችሁ አልመጣሁም» አላቸው። ወደ እኔ ዞረ። «ጣቢያ ልሄድ ነው። ሰውየው ጎረቤቴ ነው፣ ብቻዬን ከሄድኩ እግሬ ይመለሳል። አብረኸኝ ና።»

አብሬው ሄድኩ። ስሙንም ቤቱንም ተናግሮ ፈረመ። ቶላ ዛሬ ማታ የሚያድረው እዚያው ሰፈር፣ ከሰውየው ቤት ጋር ግድግዳ ለግድግዳ ነው።

ላምበረት እንውጣ እያላችሁ የምትጽፉልኝ፣ እባካችሁ ተዉት። ካሌብ ያዳነው ልጅ ላምበረት ነው የሚኖረው። የጠቆመውም ሰው እዚያው ነው። ድንጋዩ ማን ላይ እንደሚያርፍ አታውቁም። እኔ የዚያን እሁድ አይቼዋለሁ።

ካሌቤ፣ ወንድምዬ። የሰጠኸውን እጅ ይዞ ስለወጋህ ተናድጃለሁ፣ የሚበርድልኝም አይመስለኝም። ዛሬ ግን ታክሌ ጥሩ ነበር፣ አንገቴን እንዳልከኝ በጎን አድርጌያለሁ። ብታይ ትስቅ ነበር።

ነገ ሳጥንህን በአንድ በኩል እኔ እይዛለሁ። በሌላው በኩል ቶላ ነው። ያን እሁድ ጥሎህ የሄደው ሰው ነገ ያነሳሃል። ቻው ካሌቤ።