ረግረጉ ውስጥ ከላሟ ጋር

ጭቃ እግራችሁን ይዞ አልለቅም ብሏችሁ ያውቃል? እኔን ይዞኛል፤ ያውም ላም አቅፌ።

መምህር ሆኜ ቡሬ በተመደብኩበት የመጀመሪያ ዓመት፣ ዝናቡ ገና ሳያባራ፣ ቤት ያከራዩኝ የእትዬ ላም ከከተማው ጀርባ ያለው ረግረግ ውስጥ ገባች። እርጉዝ ነበረች፤ እትዬ ከእሷ ሌላ ከብት የላቸውም። አፍንጫዋ እንዳይሰጥም ገብቼ ቀንዷን ደግፌ ያዝኩ። እግሬን ላነሳ ስሞክር ግን እስከ ጭኔ ተቀብሬያለሁ። ስታገል ይበልጥ ያስገባኛል። ብለቃት ደግሞ ትታፈናለች።

ዳር ላይ ጎረቤታችን ጋሼ ከሦስት ጎረምሶች ጋር ደረቷ ላይ በታሰረው ገመድ ይጎትታሉ። "ሱታ፣ ሱታ" ይላሉ ጋሼ፣ ቀስ እንዲሉ። ላሟ ትንሽ ትመጣለች፤ ትንፋሽ ሊወስዱ ሲያላሉላት ተመልሳ ትሰምጣለች። እኔም አብሬያት። ጎኔ ላይ የተጫነው ሆዷ ሲያለከልክ ይሰማኝ ነበር።

በዚያው ሳምንት ተማሪዎቼ ፊልም ላይ ስለሚያዩአቸው ካውቦዮች ጠይቀውኝ አንብቤ ነበር። ካለሁበት ማስረዳት ጀመርኩ።

"ጋሼ፣ ስፔኖች ሜክሲኮን ሲይዙ ከብትና ፈረስ በመርከብ ወሰዱ። ከብቱን ያስጠበቁት የአገሩን ሰው ነው። እነዚያ እረኞች ደግሞ..."

"ቲቸር፣ ደወል ተደወለ እንዴ?" አሉ ጋሼ።

"ስፔንን ተወውና ላሜን ያዝልኝ" አሉ እትዬ ከዳር።

"እነዚያ እረኞች" አልኩ ቀጥዬ፣ "በገመድ የያዙትን ኮርማ በእጃቸው አይታገሉትም። ገመዱን ኮርቻው ፊት ባለው ጉጥ ላይ ይጠመጥሙታል። ካውቦዮቹም የተማሩት ከእነሱ ነው። እኛ ፈረስ ባይኖረን ከኋላችሁ ያ የዋንዛ ዛፍ አለ።"

ጋሼ ገመዱን ዋንዛው ላይ ሁለት ዙር አዞሩት። ጎረምሶቹ ሲጎትቱ እሳቸው የላላውን ይሰበስባሉ፤ ሲያርፉ ግንዱ ይይዝላቸዋል። አሁን ላሟ ወደ ኋላ አልተመለሰችም። ቀስ በቀስ ከእጄ እየራቀች ሄደች፤ በመጨረሻ ሣሩ ላይ በጎኗ ተኛች። ሁሉም ወደ እሷ ሮጡ። እትዬ በነጠላቸው አፍንጫዋን ይጠርጋሉ።

"እኔስ?" አልኩ።

"አንተ አላረገዝክ፣ ቆይ" አሉ ጋሼ።

ቆየሁ። ላሟ በእግሯ ስትቆም ነው ገመዱን ብብቴ ሥር አስሬ የወጣሁት፤ ጫማዬ እዚያው ቀረ።

እናንተም ሞክሩት። ገመድ ግንድ ላይ ሁለት ሦስት ዙር ጠምጥሙ፣ አንዱን ጫፍ ጓደኛችሁ ይጎትት፣ ሌላውን እናንተ በአንድ እጅ ያዙ፤ ግንዱ ስለሚይዝላችሁ ጓደኛችሁ አያሸንፋችሁም። ጣታችሁን ግን ከገመዱና ከግንዱ መሃል አርቁ።